ስሜ ከሙታን ጋር ሲጠራ

የሚያውቁኝ ሰዎች ዝምተኛ ነሽ ይሉኛል። ልጆቼም እንደዚያ ይላሉ። ባለቤቴ ነፍሱን ይማረውና ምድር ባቡር ይሠራ የነበረ ሰው ነው፤ ያን ሁሉ ዓመት አብረን ስንኖር ስለ እስሬ የነገርኩት ነገር ተሰብስቦ አንድ ምሽት አይሞላም። እሱም አልጠየቀኝም። እዚህ ጅቡቲ ከተማ፣ ካርቲየ 7 ቢስ በሚባለው ሰፈር፣ ልጆች ወልጄ አሳድጌ፣ ልብስ እየሰፋሁ ኖሬያለሁ። ባለፈው ኅዳር በአንድ ዓርብ ቀን የሆነው ነገር ባይሆን ኖሮ ይህን ጽሑፍ አልጽፍም ነበር።

ነገሩ እንዲገባችሁ ትንሽ ወደ ኋላ ልመለስ።

ድሬዳዋ ተወልጄ ነው ያደግሁት። የሶማሊያ ጦር ወደ ከተማችን በተጠጋበት ዓመት የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ከውጭ የመድፍ ድምፅ ይሰማል፤ ከውስጥ ደግሞ ቀይ ሽብር ገብቶ ቀበሌው ወጣት ይለቅማል። እኔን ለምን እንደያዙኝ እስከ ዛሬ በትክክል አላውቅም። ወረቀት ትበትናለች ከተባለች ልጅ ጋር አንድ ዴስክ ላይ እቀመጥ ነበር፤ ከዚያ ሌላ ምክንያት አላገኘሁለትም።

የታሰርንበት ክፍል የሽንኩርት መጋዘን የነበረ ነው። ጠባብ ስለሆነ ሴቶቹ ሁላችን በአንድ ግድግዳ ሥር ተደርድረን ነበር የምንተኛው፤ አንዷ ጎኗን ስትለውጥ ሁላችንም እንለውጣለን። እያንዳንዷ የማይለወጥ ቦታ ነበራት፤ ከበሩ እስከ ጥጉ። ጥጉ የእኔና የዘነበች ነበር። ዘነበች የሰፈሬ ልጅ ናት፤ በእድሜ እኩያዬ፣ በምላስ ግን እጥፌ።

ከመካከላችን አሰለፈች የምትባል አስተማሪ ነበረች። አንድ ቀን እንዲህ አለችን፤ «ሬሳችንን ለቤተሰብ አይሰጡም። ልቅሶም ከልክለዋል። ስለዚህ ከዚህ በሕይወት የወጣች ሰው የሌሎቻችንን ስም ለፍትሐት ታስጠራ።» ፍትሐት የሚጠራው በክርስትና ስም ነው፤ የክርስትና ስምን ደግሞ ከእናትና ከንስሐ አባት በቀር ብዙ ሰው አያውቀውም። ስለዚህ እርስ በርስ ተነጋገርን። እንዳይጠፋንም በተኛንበት ቅደም ተከተል በቃላችን አጠናነው።

ከዚያ ዘነበችን «ዕቃሽን ይዘሽ ውጪ» ብለው ጠሯት። የዚያን ጊዜ እንዲህ ተብሎ የተጠራ ሰው ወዴት እንደሚሄድ ሁላችንም እናውቅ ነበር። ነጠላዋን አጣጥፋ ወጣች። ብዙም ሳይቆይ እኔ ተስቦ ያዘኝ። ለሌሎቹ እንዳላጋባ ይሁን ወይም ትሞታለች ብለው፣ ሐኪም ቤት ጣሉኝ። ባቡር ላይ የሚሠራ አጎቴ ከዚያ አወጣኝና ደበቀኝ፤ በጦርነቱ የተቆረጠው ሐዲድ ተጠግኖ ባቡር ሲንቀሳቀስ በጆንያ መካከል አድርጎ ጅቡቲ አደረሰኝ። ክፍሉ ውስጥ የቀሩትን ሁሉ እንዳወጧቸው የሰማሁት እዚህ ከመጣሁ በኋላ ነው። የተመለሰ የለም አሉኝ።

እንግዲህ ከዚያ ክፍል የተረፍኩት እኔ ብቻ ነኝ ብዬ ነው የኖርኩት። በየዓመቱ በኅዳር ሚካኤል ሰሞን ቤተ ክርስቲያን ሄጄ ስማቸውን አስጠራለሁ። ከታመምኩበት ካቻምና ወዲህ ግን አንድ ሐሳብ እንቅልፍ ይነሳኝ ነበር፤ እኔ ስሞት እነዚህን ሴቶች የሚጠራቸው ማን ነው? ለልጆቼ አልነገርኩም። እንዴት ብዬ እንደምጀምር አላውቅም። እነዚያ ስሞች ከእኔ ጋር ሊቀበሩ ነው።

ያን ዓርብ እንደ ልማዴ ማልጄ ሄድኩ። እዚህ ዓርብ የዕረፍት ቀን ስለሆነ ግቢው በእኛ አገር ሴቶች ይሞላል፤ አብዛኞቹ በሰው ቤት የሚሠሩ ናቸው። ተራዬ ሲደርስ አባ ጆሯቸውን ዝቅ አደረጉልኝ፤ እኔም ስሞቹን አንድ በአንድ ነገርኳቸው። ወለተ ሥላሴ፣ ወለተ ጊዮርጊስ፣ ጸዳለ ማርያም፣ ወለተ ሐና፣ ፍቅርተ ማርያም። የመጨረሻዋ ዘነበች ናት።

ዞር ስል ከኋላዬ ቆማ የነበረች ሴት ተከተለችኝ። ሠላሳ ዓመት ቢሆናት ነው።

«እማማ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ አሁን የሰጧቸው ስሞች የማን ናቸው?»

«የሰው ስም ነው» አልኳት። የማላውቀው ሰው እንዲህ ያለ ነገር ሲጠይቀኝ ደስ አይለኝም።

«አይቆጡኝ። እኔ እኮ በቃሌ አውቃቸዋለሁ።»

«የክርስትና ስም ስንቱ ሰው አንድ ዓይነት አለው ልጄ።»

«እንዲህ ተከታትሎስ?» አለችና ጣቷን እያጠፈች ጠራቻቸው። «ወለተ ሥላሴ፣ ወለተ ጊዮርጊስ፣ ጸዳለ ማርያም፣ ወለተ ሐና። መጨረሻው ላይ ግን የተሳሳቱ መሰለኝ። እርስዎ ፍቅርተ ማርያም አሉ። እቴቴ የምታስጠራው አመተ ሚካኤል ብላ ነው።»

አመተ ሚካኤል እኔ ነኝ።

ግድግዳውን ይዤ ቆምኩ። ልጅቷ ደንግጣ ክንዴን ያዘችኝ፤ የድንጋይ አግዳሚ ላይ አስቀመጠችኝ።

«እቴቴ ያልሽው ማንን ነው?»

«የአባቴን እህት። ድሬዳዋ ናት። እሷ ናት ያሳደገችኝ።»

«ስሟ?»

«ዘነበች።»

«ነፍሷን ይማረው፣ መቼ ነው የሞተችው?»

«ኧረ እማማ! ምን ሆና ትሞታለች? ትናንት እንኳ በስልክ ስትሰድበኝ ነበር፤ ከስተሻል፣ ማዳምሽ ምግብ አትሰጥሽም ወይ እያለች።»

እንባ አልመጣልኝም። መጀመሪያ የታየኝ ነገር ስሕተታችን ነው። እኔ ፍትሐት ሳስጠራላት የኖርኩት በሕይወት ላለች ሴት ነው። እሷም እንዲሁ።

ልጅቷ ትዕግሥት ትባላለች፤ ሀራሙስ በሚባለው የሀብታሞች ሰፈር በአንድ የውጭ አገር ሰዎች ቤት ተቀጥራ እዚያው የምታድር ናት። ማን እንደሆንኩ ስነግራት ስልኳን መዥረጥ አድርጋ አወጣች። እጇን ያዝኩት።

«ቆይ! ድንገት ብትሰማ ምን እንደምትሆን ታውቂያለሽ?»

«ደም ግፊት አለባት» አለች፤ ድምፅዋ ወረደ። «ልቧም ደህና አይደለም። መድኃኒት እየላክሁላት ነው።»

ሁለታችን አባ ዘንድ ተመለስን። አባ ሰምተው አማተቡ።

«ወይዘሮ አስካለ፣ ለመርዶ ሥርዓት አለን» አሉ። «ሰው ይሰበሰባል፤ የሚናገር ይመረጣል፤ የሚደግፍ አጠገብ ይቆማል። የሞተችው ሰው አለች ብሎ ለማርዳት ግን ሥርዓት አልተማርኩም።»

«ታዲያ ምን እናድርግ አባ?»

«ያው ብቻዋን አትስማ። ጎረቤት ይሰብሰብላት።»

ለሦስታችንም ጥሩ ምክር መሰለን። አንዳችንም ነገሩ በዚያኛው ወገን ምን እንደሚመስል አላሰብንም።

ትዕግሥት ለዘነበች ጎረቤት ደወለች፤ ወይዘሮ ጥሩወርቅ ይባላሉ። «እትዬ ጥሩዬ፣ ከሰዓት በኋላ ለእቴቴ የምነግራት ነገር አለ። ጎረቤቱን ሰብስበው አጠገቧ ቢሆኑልኝ፤ ብቻዋን እንዳትሆን።» ምን እንደሆነ አልነገረቻቸውም፤ «እትዬ ጥሩዬ ከሰሙ እኛ ሳንደውል አገሩ ይሰማል» አለችኝ።

እስከዚያ ድረስ ጥላ ሥር ተቀመጥን። ትዕግሥት ውኃ ገዝታ መጣች። ማዳሟ ማታ እንግዳ ስላለባት እሷ ቀደም ብላ ሀራሙስ መመለስ እንዳለባት ነገረችኝ፤ ዓይኗ ከስልኩ ሰዓት ላይ አይነሳም። የእኔ ስልክ ምስል የማያሳይ ባለ ቁልፍ ስለሆነ ያለ እሷ ምንም ማድረግ አልችልም።

«ስለ እስር ቤቱ ትነግርሻለች?» አልኳት።

«አንድም ቀን። ስሞቹን ብቻ ነው ያስጠናችኝ። ገና ሕፃን ሆኜ ነው፤ ‘እኔ ስሞት አንቺ ታስጠሪያለሽ’ ብላ። ማናቸው ስላት ‘ሴቶች ናቸው’ ትለኛለች። በቃ፣ ሴቶች ናቸው።»

ይህ ነገር ልቤን ነካው። እኔ ለማን ላስተላልፍ እያልኩ ስጨነቅ፣ እሷ ቀድማ አስተላልፋ ኖሯል።

የተባለው ሰዓት ሲደርስ ትዕግሥት ደወለች። ስልኩ ይጠራል፤ የሚያነሳ የለም። እንደገና ደወለች። የለም። በሦስተኛው ወይዘሮ ጥሩወርቅ አነሱት፤ ከኋላቸው ኡኡታ ይሰማል። ምስሉ ይንቀጠቀጣል፤ ነጠላ ያዘቀዘቁ ሴቶች ይታዩኛል፤ አንዲት አሮጊት ደረቷን ትደቃለች።

«አይ ወገኖቼ፣ አይዟችሁ» አሉ ወይዘሮ ጥሩወርቅ እያለቀሱ። «በባሕር ነው አይደል? የመን ልትሻገር ስትል ነው? አስከሬኗን መቼ ነው የምትልኩልን?»

ትዕግሥት አፏን ከፍታ ቀረች። «እትዬ ጥሩዬ! እኔው ነኝ!»

«ማን ነው?»

«ትዕግሥት! ትዕግሥት ነኝ! ማንም አልሞተም!»

«ውይ በሞትኩት!» አሉና ስልኩን ለቀቁት። ጣሪያ ታየን።

በኋላ እንደሰማነው፣ ጎረቤቱ ሁሉ ነጠላውን ለብሶ ዝም ብሎ ሲገባ ያየች ዘነበች ገና ሳይናገሯት «ልጄን ባሕር በላብኝ!» ብላ ተነሣች። እሷ ስትጮኽ ጎረቤቶቹ ደግሞ መርዶው ደርሷት ነው ብለው አብረው አለቀሱ፤ በዚያው ቀን ከትዕግሥት ጋር ያወሩት ወይዘሮ ጥሩወርቅ እንኳ በጩኸቱ መሐል ይህን ረሱት። ከጅቡቲ በሚመጣ ወሬ አገር ቤት ሁልጊዜ የሚፈራው ይኸው ነው።

ስልኩ ተነሣ። የአሮጊቷ ፊት ታየ፤ በእንባ ርሷል፤ ቁጣው ግን ከእንባው በልጧል።

«አንቺ የማትረቢ! ገደልሽኝ እኮ አቦ! አገር አስለቅሰሽ ትስቂያለሽ?»

ትዕግሥት ሳቁም ልቅሶውም ተደባልቆባት ነበር። «እቴቴ፣ ስሚኝ ቁጭ በይ። የሞተ ሰው የለም። እንዲያውም ከሞቱት አንድ ሰው ቀነሰ።»

«ምንድን ነው የምትይው?»

«አመተ ሚካኤል እዚህ አጠገቤ ተቀምጣለች።»

ከዚያ ድምፅዋ ቀዝቅዞ መጣ፤ «ስጪኝ።»

ስልኩን ተቀበልኩ። ሁለት አሮጊቶች ተያየን። ከፊቷ ላይ የማውቀው ምንም ነገር አጣሁ።

«ማን ነሽ?» አለችኝ።

«አስካለ ነኝ።»

«አስካለ ሞታለች። ሁሉንም ነው ያወጧቸው። ያየ ሰው ነው የነገረኝ። በሟች ስም አትነግጂ።»

«እኔም ዘነበች ሞታለች ብዬ ነው የኖርኩት።»

«ፊትሽን አላውቀውም።»

«እኔም ያንቺን አላወቅሁትም።»

«ስሞቹን ይቺ ልጅ ነግራሽ ይሆናል። እሺ፣ እዚያ ክፍል ውስጥ ከበሩ አጠገብ የምትተኛው ማን ነበረች?»

ትዕግሥት በጆሮዬ «ወለተ ሥላሴ ይበሏት፣ መጀመሪያ ያለችው እሷ ናት» ብላ አንሾካሾከች። ራሴን ነቀነቅሁ። አፌን ስከፍት ምስሉ ቆመ፤ መስመሩ ተቋረጠ።

ትዕግሥት ደወለች። አይሠራም። ከአግዳሚው ተነሥታ ወደ በሩ ሮጠች፤ ስልኩን ወደ ላይ ይዛ ተመለሰች። አይሠራም። በልቧ ስለ ሰዓቱ እንደምታስብ አውቄያለሁ፤ እሷ ግን መደወሏን አላቆመችም። እኔ ደግሞ የማስበው ዘነበች አሁን እዚያ ተቀምጣ «አየሽ፣ መመለስ ሲያቅታት ዘጋችው» እንደምትል ነው። ያን ሁሉ ዓመት ስንፈላለግ ሳይሆን ስንቀባበር ኖረን፣ አሁን ደግሞ አታላይ ተብዬ ልሞት ነው አልኩ።

መስመሩ ተመለሰ። ሰላምታም አልሰጠኋት።

«ፋጡማ» አልኩ። «ከበሩ አጠገብ የምትተኛው ፋጡማ ነበረች።»

ፋጡማን በቤተ ክርስቲያን አናስጠራትም። አንችልም፤ የክርስትና ስም የላትም። ሴቶቹ ስም ስንለዋወጥ ተራዋ ሲደርስ ሳቀችና፣ «እኔን ፋጡማ በሉኝ፤ የእናንተው ገብርኤል ለአላህ ይነግርልኛል፤ ጅብሪል እኮ የእኛም ነው» አለች። በዚያ ክፍል ውስጥ ጮክ ብለን የሳቅነው ያን ጊዜ ብቻ ነው። በሩ ሥር የተኛችውም ወታደሮቹ ሲገቡ መጀመሪያ የሚረግጡት እዚያ ያለውን ስለሆነ ነው፤ ታናናሾቹን ወደ ጥጉ ገፍታ ቦታውን ራሷ ወሰደችው። ሌላ ሰው ይህን አያውቅም። እኔ በየረመዳኑ ለጎረቤቴ ለሃዋ ቴምር ወስጄ ዱዓ እንድታደርግላት እጠይቃታለሁ፤ ሃዋም ማን እንደሆነች አልጠየቀችኝም።

ዘነበች በነጠላዋ ጫፍ አፏን ያዘች።

«አስኩ» አለችኝ። እንዲህ ብሎ የሚጠራኝ ሰው ከጠፋ ቆይቷል።

«አቤት።»

«አቦ እንዴት አርጅተሻል!»

«አንቺስ? ጥርስሽን የት ጥለሽው ነው?»

የዚያኔ ነው ያለቀስኩት። ብዙ አይደለም።

ዘነበችን ያን ዕለት የወሰዷት ሐረር እስር ቤት ኖሯል። ዓመታት ታስራ ስትወጣ ድሬዳዋ ተመልሳ ስለ እኛ ጠየቀች፤ ሁሉም አለቁ አሏት። እኔ በሕመም ከክፍሉ መውጣቴን የነገራት የለም፤ አጎቴ ምስጢሩን ይዞ ሞቷል፤ የእኔም ቤተሰብ ሰፈሩን ለቅቆ ሄዷል። የሟቾቹን ቤተሰቦች ግን ዞራ ጠይቃለች፤ የአሰለፈችን እናት ሳይሞቱ አግኝታ፣ ልጃቸው አብረው በታሰሩበት ጊዜ ሁሉ ሌሎችን ታጽናና እንደነበር ነግራቸዋለች። ይህን ስሰማ ትልቅ ሸክም ከላዬ ወረደ። ትዕግሥት ስልኳን ይዛ ታክሲ ፍለጋ ስትሮጥ ቆሜ አየኋት።

ማምሻውን ሴት ልጄ ሩት እንደ ልማዷ ልትጠይቀኝ መጣች። ፊቴን አይታ «እማዬ፣ ምን ሆነሻል?» አለችኝ። ነገርኳት። ከበሩ ጀምሬ እስከ ጥጉ ነገርኳት። አንዳንዱን ቃል በፈረንሳይኛ እስክነግራት አልገባትም፤ አንዳንዱን ደግሞ እኔ በፈረንሳይኛ አላውቀውም።

«ለምን አልነገርሽንም?» አለችኝ።

«ከጀመርኩት አልጨርሰውም ብዬ ፈርቼ ነው።»

«አሁን እኮ ጨረስሽው።»

እውነቷን ነበር። ጨርሼው ነበር፤ ምንም አልሆንኩም።

ዘነበች ከገና በኋላ በባቡር መጣች። ነጋድ ጣቢያ ሩት፣ ትዕግሥትና እኔ ሄደን ተቀበልናት። ጣቢያው ላይ ስለተባባልነው ነገር አልጽፍም፤ የእኛ ነው። አንድ ወር ያህል እኔ ጋር ተቀመጠች። አባን ስለዚያ ሁሉ ዓመት ፍትሐት ጠየቅናቸው፤ ላልሞተ ሰው ማስጠራታችን ኃጢአት እንዳይሆንብን ብለን። አባ ሳቁ። «ጸሎት መንገድ ቢስት እግዚአብሔር አድራሻውን ያውቃል» አሉና የሁለታችንን ስም ከሕያዋን ጋር ሊጠሩት ወሰዱት።

ከዚያ ወዲህ በየዓርቡ ከቅዳሴ በኋላ ጥቂት ልጆች ይሰበሰባሉ፤ ሀራሙስና አርሂባ ሰፈር የሚሠሩ ሴቶች ናቸው፤ የሩት ልጆችም ይመጣሉ። ዘነበች እዚህ ሳለች ሁለታችን አጠገብ ለአጠገብ ተቀምጠን እንነግራቸው ነበር፤ አሁን እሷ በስልክ፣ እኔ እዚህ። ትዕግሥት ድምፃችንን ትቀዳለች። መጀመሪያ የገረመኝ ልጆቹ የሚጠይቁት ነገር ነው። ስለ ወታደሮቹ ብዙ አይጠይቁም። «ትዘፍን ነበር?» ይላሉ። «እጮኛ ነበራት?» ይላሉ። እኔ ለረዥም ዘመን ስም ብቻ ነበር የያዝኩት። እነሱ ሲጠይቁ ነው የሴቶቹ ሰውነት፣ አመላቸው፣ ሳቃቸው የተመለሰልኝ።

ይህን የምታነቡ፣ ምናልባት ቤታችሁ ውስጥ እንደ እኔ ዝም ያለ ሽማግሌ ወይም አሮጊት ይኖር ይሆናል። ትልቁን ነገር አትጠይቁት፤ ትልቁን ነገር መናገር ያቅተዋል። አጠገቡ ማን ይተኛ እንደነበር ጠይቁት። ከዚያ እሱ ራሱ ይቀጥላል። ዝም ያላችሁት እናንተ ከሆናችሁ ደግሞ፣ ብቻዬን ነኝ ብላችሁ አትወስኑ። እኔ እንደዚያ ብዬ ወስኜ ነበር።

አንድ ያልተስማማንበት ጉዳይ አለ። የክርስትና ስሟ ጸዳለ ማርያም የሆነችው ልጅ የዓለም ስሟ ሮማን ነበር። ዘነበች ረዥም ነበረች ትላለች፤ እኔ አጭር ነበረች እላለሁ። በዚህ ነገር ስንጨቃጨቅ ልጆቹ በሳቅ ይሞታሉ፤ ትዕግሥትም ሁለቱንም ትቀዳለች። ከአንባቢዎች መካከል የዚያን ዘመን የድሬዳዋ ሰው፣ ሮማንን የሚያውቃት ካለ፣ አጭር እንደነበረች ይመስክርልኝ። ረዥም ነበረች የሚል ከመጣም ግድ የለኝም፤ መጥቶ ይከራከረኝ።